አንሶላ የተሳመበት ቀን

ለሰማይና ለምድር፣ ለቅርብም ለሩቅም ጎረቤት ሁሉ ይታወቅ! በአረጋውያን መጦሪያው ሁለተኛ ፎቅ፣ ከመጸዳጃው አጠገብ በተደረደሩት ስምንት ክፍሎች ላይ ተሹማ፣ ባልዲዋን በትር፣ ሳፋዋን ጋሻ አድርጋ አሥራ ዘጠኝ ዓመት የገዛችው ገላ አጣቢ፣ በምግባር ጉድለት ከሥልጣኗ ተሽራ ወደ ምድር ቤት እንድትወርድ ተወስኗል። ጥፋቷም ሲያስጠላት ፊቷን ማጨማደዷ ነው።

አዋጁ በመለከት አልተነገረም። በፕላስተር ኩሽናው በር ላይ ተለጠፈ፤ አንዱ ጥግ የድስቱ እንፋሎት ሲነካው ወዲያው ተላቀቀና ግማሹን ብቻ ማንበብ ይቻል ነበር።

ሴትዮዋን ቤቱ በሙሉ «አፍንጫ» ነው የሚላት። አፍንጫዋ ትልቅ ሆኖ አይደለም፤ የሸሚዝ ቁልፍ ያህል ነው። ግን ያ ቁልፍ የማያሸተው ነገር የለም። ደረጃው ላይ ቆማ የማን ሽንት ስኳር እንደጨመረ፣ ማን የተቀቀለ እንቁላል ትራሱ ሥር እንደደበቀ፣ የማን ቁስል ከትናንት ወዲህ እንደተበላሸ ትናገራለች። ሐኪሙ በሳምንት አንድ ቀን ይመጣ በነበረበት ጊዜ መጀመሪያ የሚጠይቀው «አፍንጫ ምን አለች?» ብሎ ነበር። ይህ ስጦታ ነው የሚል ካለ ለአንድ ቀን ይዋሰው፤ እንዲህ ያለ አፍንጫ ይዞ የስምንት ሽማግሌ መቀመጫ ማጠብ ምን እንደሆነ ያየዋል።

እሷም ስጦታ ነው ብላ አታውቅም። በየጠዋቱ ማስኳን አጥብቃ፣ እጅጌዋን ሰብስባ፣ በሩን በእግሯ ገፍታ ስትገባ ስድቧ ይቀድማታል።

«ኧረ በስመ አብ! አባባ፣ ምን ውጠው ነው ያደሩት? አይጥ ነው?»

«ያንቺን ወጥ ነው» ይላታል የሰባት ቁጥሩ ሽማግሌ።

እሱ ድሮ ሰዓት ሠሪ ነበር። አሁን ዓይኑና ምላሱ ብቻ ነው ደህና የቀረለት፤ ስኳር እግሮቹን ስላደነዘዘበት ከጉልበቱ በታች መርፌ ብትወጋው አያውቅም። ጣቶቹ ግን አሁንም በአየር ላይ ትንሽ ነገር ይፈታሉ፣ ይገጥማሉ።

«እግር ያንሱ።»

«የቱን?»

«የሚገማውን።»

«ሁለቱንም ነዋ!»

ትስቃለች፤ ያቅለሸልሻታል፤ ዞር ብላ ሁለት ጊዜ ታስልና ትመለሳለች። በጣቶቹ መሃል፣ ከተረከዙ ሥር፣ ከጉልበቱ ጀርባ፣ እንደ ሌባ ፈታሽ አንድ በአንድ ታሸታለች፣ ታጥባለች፣ ታደርቃለች። በአሥራ ዘጠኝ ዓመት ውስጥ በስምንቱ ክፍሎቿ ተኝቶ የቆሰለ ሰው ቢፈለግ አይገኝም። ይህን ግን ማንም ከምግባር ቆጥሮላት አያውቅም። ለነገሩ እሷም አልቆጠረችውም፤ ሥራ ነው።

ከዚያ ሊቁ መጡ።

ሊቁ የቤቱ አዲስ ኃላፊ ናቸው። ለስላሳ እጅ አላቸው፤ እጁ ሁልጊዜ የጽጌረዳ ቅባት ይሸታል፤ ሲናገሩ ከንፈራቸው ጥግ ነጭ አረፋ ይቋጥራል። ዕድሜያቸውን የፈጁት ከሰባትና ከስምንት መቶ ዓመት በፊት የሞቱ መነኮሳት ስለ ምግባር የተከራከሩትን በማንበብ ነው። ምግባር በሥራው ነው ወይስ በሐሳቡ? የሚወለድ ነው ወይስ የሚለመድ? እየታገለ ደግ የሚሠራ ይበልጣል ወይስ ሳይታገል የሚሠራ? መነኮሳቱ በዚህ ሲጨቃጨቁ ሻማቸውን ጨርሰዋል፤ አንዳንዶቹም ጤናቸውን። ክርክሩ ክቡር ነው፤ ማንም ሊያፌዝበት አይገባም። ሊቁ ግን ክርክሩን ይዘው ወደ መጦሪያ ቤት መጡና የመመገቢያ አዳራሹ ግድግዳ ላይ በሰማያዊ ቀለም መሰላል አድርገው አሳሉት።

መሰላሉ አራት እርከን አለው። ከታች፣ ክፉ ሠርቶ ደስ የሚለው። ቀጥሎ፣ ደጉን እያወቀ ምኞቱ የሚያሸንፈው። ሦስተኛው፣ ከራሱ ጋር ታግሎ ደጉን የሚሠራ። አራተኛው፣ ደግነት ልማድ ሆኖበት ያለ አንዳች ትግል፣ በጣፋጭ ልብ የሚሠራ። የሠራተኛው ሁሉ ስም በልብስ መቆንጠጫ ላይ ተጽፎ በየእርከኑ ተሰቀለ። ሐሙስ ሐሙስ ጠዋት ሠራተኛው ይሰለፋል፤ ሊቁ ከፊት ወደ ፊት እየተዘዋወሩ ልብን ያነባሉ። ፊቱ የበራ ይወጣል፤ የተኮሳተረ ይወርዳል። ማስክም ተከለከለ። «ማስክ» አሉ ሊቁ «ወንድማችንን የምንጸየፍበት መጋረጃ ነው።»

አራተኛው እርከን ላይ ከሁሉ ቀድማ የተሰቀለችው «ማሬ» ነበረች። ሰውን ሁሉ «ማሬ» ስለምትል ነው እንዲህ የሚሏት። ማሬ ጥርሷ አይከደንም። አልጋ ላይ የቆየ ሰገራ ስታይ ትስቃለች፤ ሰው ሲሞትም በስህተት አንድ ጊዜ ስቃለች። ከሁሉ በላይ ሽቶ አላት። የምታጥበውን ሁሉ እንደ ሙሽራ ስለምትረጨው ክፍሎቿ ከሩቅ ያውዳሉ፤ ከቅርብ ደግሞ የሞተ ነገር ላይ አበባ የተነሰነሰ ይመስላሉ።

አፍንጫ የወረደችው ሐሙስ አይደለም፤ ማክሰኞ ነው። ማስክ የላትም፤ ሰዓት ሠሪውን እያጠበች ነው፤ የሽማግሌው ሆድ ሌሊቱን አልተኛም። ትንፋሿን ይዛ፣ ዓይኗ እንባ አቅርሮ፣ አፏ ወደ ጆሮዋ ተጣሞ ስትፈትግ ሊቁ በሩ ላይ ቆሙ።

«እህቴ፣ ምን ይሰማሻል አሁን?»

«ግማት ነው የሚሰማኝ፣ መምህር።»

«ከዚያ ሌላ?»

«ከዚያ ሌላማ… ወገቤን።»

«ፍቅር ይሰማሻል?»

አፍንጫ ስፖንጁን ጨመቀች። ጥያቄው ፈተና መሆኑን አላወቀችም፤ በእውነት አሰበችበት። «አሁን አይሰማኝም» አለች። «አሁን የሚሰማኝ ቶሎ ካላደረቅሁት እንደሚቆስል ነው።»

«መምህር፣ ይተዉአት» አለ ሰዓት ሠሪው ከአልጋው። «የገማሁት እኔ ነኝ፤ እሷ አይደለችም።»

ሊቁ በሐዘን ፈገግ አሉ። «አባቴ፣ እኔ የምፈውሰው የእሷን ነፍስ ነው። የሚጸየፍ ልብ ሊወድ አይችልም። ልቧ እስኪጠራ ከሰው ገላ ትራቅ።» ወደ እሷ ዞሩ። «ቂም አይደለም፣ እህቴ። ሕክምና ነው።»

በማግስቱ አዋጁ ተለጠፈ። መቆንጠጫዋ ሦስተኛው እርከን ላይ ቀረ፤ ከሦስተኛ እርከን የሆነ ሰው ደግሞ ከእንግዲህ የታማሚ ክፍል መግባት አይችልም። ከገባ ይባረራል። እሷ ምድር ቤት ልብስ ማጠቢያ ገባች፤ ስምንቱን ክፍሎቿን ማሬ ወረሰች።

ምድር ቤቱ መስኮት የለውም። ሁለት ትልልቅ ማሽኖች፣ የበረኪና ጀሪካን፣ ከላይ ፎቅ በቧንቧ መሰል ቀዳዳ የሚወረወረው ልብስ የሚያርፍበት የእንጨት ሣጥን። እዚያ ቁጭ ብላ የሁሉንም ጤና በአንሶላቸው ታነብ ጀመር። እሷ «እንጀራ እናቴ» የምትላት የሦስት ቁጥሯ አሮጊት መድኃኒቷን እየተፋች ነው። አምስት ቁጥሩ ተሽሎታል። በአራተኛው ቀን ከሰባት ቁጥር የመጣውን አንሶላ አነሳችና ቆመች።

ከላይ የማሬ ሽቶ አለ። ከሽቶው ሥር፣ በእግር በኩል፣ የአንድ ብር ሳንቲም የምታህል ቢጫ ነጠብጣብ። ወደ አፍንጫዋ አስጠጋችው። ይህን ሽታ ታውቀዋለች። ሰው እያለ ከፊሉ መሞት ሲጀምር የሚሸት ነው፤ ጣፋጭ ነገር አለበት፤ ጉሮሮ ላይ ይቀራል።

እጇን ሳትጠርግ ወጣች፤ ሊቁን ቢሮአቸው አገኘቻቸው።

«መምህር፣ የሰባት ቁጥሩ እግር እየበሰበሰ ነው።»

«አየሽው?»

«አንሶላውን አሸተትኩት።»

ሊቁ ብዕራቸውን አስቀመጡ። «ተመልከቺ እንግዲህ፣ እህቴ። ሰውየው ካጠገብሽ በሌለበት እንኳ ትጸየፊዋለሽ። ሰይጣን በየት በኩል እንደያዘሽ ይታይሻል?»

«ሰይጣን አይደለም፣ ተረከዙ ነው! ማሬ እግሩን ገልጣ እንድታይ ይንገሩልኝ።»

ማሬ ተጠራች። «ኧረ ማሬ!» አለች እየሳቀች። «ሰውዬው ደህና ነው፤ በየቀኑ አጥበዋለሁ። እግሩ እንዳይበርደው ለጋሾቹ የሠሩለትን የሱፍ ካልሲ አድርጌለታለሁ።»

«ስታጥቢው ታወልቂዋለሽ?» አለቻት አፍንጫ።

«ታዲያ ይብረደው?»

ሊቁ በፍቅር ተመለከቷት። አፍንጫን ደግሞ በርኅራኄ፤ ርኅራኄውም ከአረፋው ጋር ከንፈራቸው ጥግ ተጋግሮ ነበር። «ሂጂና ጸልዪ» አሏት። «አፍንጫሽ የሚነግርሽ ስለ እሱ አይደለም፤ ስለ ልብሽ ነው።»

እዚህ ላይ መጥፎው ነገር መጣ። አፍንጫ አመነቻቸው።

ወደ ምድር ቤት ወርዳ የማሽኑን ክዳን ተደግፋ ራሷን መረመረች። አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ያቅለሸለሻት ነገር ሁሉ ፊቷ ላይ መጣ። እውነትም አንድ ቀን እንኳ ደስ ብሏት አጥባ አታውቅም። የገዛ እናቷን ስታስታምም እንኳ ውጭ ወጥታ አስታውካለች። ምናልባት ሊቁ እውነታቸውን ነው፤ ምናልባት ክፉ ሴት ነች፤ ምናልባት የሚገማው እሷ ውስጥ ያለው ነው። በአምስተኛው ቀን አንሶላው መጣ፤ ነጠብጣቡ የመዳፍ ያህል ሆኗል። አላሸተተችውም። ትንፋሿን ይዛ፣ ፈገግ ለማለት እየሞከረች፣ ማሽኑ ውስጥ ከተተችው። በስድስተኛው ቀን፣ በሰባተኛው፣ በስምንተኛውም እንዲሁ። ከማሽኑ ክብ መስታወት ላይ ፈገግታዋን አየችው፤ የማሬን ይመስላል። ያኔ ነው በእውነት ያቅለሸለሻት።

ሰዓት ሠሪው በበኩሉ እግሩን አያውቀውም። የሚያውቀው ስድብ እንደናፈቀው ነው። ሲሰለቸው ሊቁን መጽሐፍ ያውሱኝ አላቸው፤ ሊቁም የሚወዱትን፣ መሰላሉን የቀዱበትን አሮጌውን የምግባር መጽሐፍ በክብር አመጡለት። መጽሐፉ ገጾቹ ከላይ ተጣጥፈው ከሚታተሙት ከድሮዎቹ ዓይነት ነው፤ አንባቢው ራሱ በቢላ እየቀደደ ነው የሚያነበው። ሰዓት ሠሪው ገለጥ ገለጥ አደረገና ሳቁ አነቀው። እስከ መሰላሉ ድረስ ያለው ተቀዷል። ከመሰላሉ ወዲያ ያለው አንድም ገጽ ቢላ አላየም። ሊቁ ሠላሳ ዓመት ያስተማሩትን መጽሐፍ ግማሹን አላነበቡትም!

የሰዓት ክዳን የሚፈለቅቅበት ስለት አሁንም መሳቢያው ውስጥ አለ። ቀደደና አነበበ። ከዚያ ከመጽሐፉ አንዷን ቅጠል በስሱ ቆርጦ የትራሱ ልብስ ውስጥ ሸጎጣት።

በዘጠነኛው ቀን ጠዋት ቅጠሏ አፍንጫ እጅ ላይ ወደቀች። አሮጌው መነኩሴ እንዲህ ይላል፦ የሥጋ መጸየፍ እንደ ማዛጋት ነው፤ ሳንጠራው ይመጣል፤ ስለዚህ በደል የለበትም። በደሉ ልብ ከመጸየፉ ጋር ተስማምቶ ወንድምን ሲተው ነው። ከሥሩ ሰዓት ሠሪው በእጁ ጽፏል፦ «ሰዓት ደስ ስላለው አይደለም የሚቆጥረው። ነይና ስደቢኝ።»

ሁለቴ አነበበችው። «ወንድምን ሲተው» የሚለው ላይ ስትደርስ ጣቷን አሳረፈችበት። ሽታውን መጸየፏ አልነበረም በደሉ። አራት ቀን አለማሽተቷ ነው።

አንሶላው ከትራሱ ልብስ ጋር አብሮ ወርዷል። ነጠብጣቡ አሁን አረንጓዴ ጠርዝ አለው።

ያን ቀን የቤቱ የበላይ ጠባቂዎች ለጉብኝት መጥተዋል። አዳራሹ ውስጥ ሊቁ በዘንግ መሰላሉን እያሳዩ ነው፤ ፎቶ አንሺ አለ፤ ማሬ አራተኛውን እርከን መስላ ቆማለች። አፍንጫ አንሶላውን ታቅፋ በመሃል ገባች።

«ይቅርታ መምህር። የሰባት ቁጥር አንሶላ ነው። ያሽትቱት።»

«እህቴ፣ እንግዶች አሉን።»

«ለዚህ ነው አሁን የመጣሁት። ብቻዎን ሆነው እምቢ ብለውኛል።»

ዘረጋችው። ሽታው እንደ ሰው ተራመደ። አንዲት ባለ ባርኔጣ ወይዘሮ መሐረባቸውን አፋቸው ላይ ጠቀጠቁ፤ አንድ ወፍራም ሰውዬ ግድግዳውን ያዙ፤ የማሬ ጥርስ ለመጀመሪያ ጊዜ ተከደነ። በዚያች ደቂቃ የሐሙስ ፍተሻ ቢደረግ አዳራሹ በሙሉ ምድር ቤት ይወርድ ነበር።

ሊቁ ገረጡ። ሁሉም ወደ እሳቸው ሲያይ ግን ፊታቸው ቀስ በቀስ በራ። ዘንጉን አስቀመጡ፤ ተንበረከኩ፤ የአንሶላውን ጫፍ በሁለት ለስላሳ እጆቻቸው አነሱ፤ ዓይናቸውን ጨፍነው ከንፈራቸውን በአረንጓዴው ነጠብጣብ መሃል አሳረፉት።

ተሳመ። ድምፅም ነበረው።

ፎቶ አንሺው ሦስት ጊዜ አበራ። ባለ ባርኔጣዋ ወይዘሮ አለቀሱ። «የድሮ ቅዱሳን ዘመን ተመለሰ!» አሉ ወፍራሙ ሰውዬ፤ ከዚያ ጭብጨባ። ሊቁ ቀና ሲሉ አፋቸው ጥግ ያለው አረፋ ነጭ አልነበረም።

«እግሩስ?» አለች አፍንጫ። ሌላኛውን የአንሶላ ጫፍ እንደያዘች ነው። «ኧረ ሰዎች፣ እግሩስ? የታመመው አንሶላው አይደለም!»

የሰማት የለም። ሁሉም ለቅሶና ጭብጨባ ላይ ነው። ጫፉን ለቀቀችውና ደረጃውን ሁለት ሁለት እየዘለለች ወጣች።

«መጣሽ? ምነው ቆየሽ!» አለ ሰዓት ሠሪው። እሷ መልስ ሳትሰጠው ብርድ ልብሱን ገለበች፤ ሐምራዊውን የሱፍ ካልሲ ጎተተች። ካልሲው ብቻውን አልወለቀም።

ሰዓት ሠሪው እግሩን ማየት አይችልም፤ ፊቷን ግን ያያል።

«ስደቢኝ እንጂ» አላት። «ምነው ዝም አልሽ? ዝም ስትዪ ያስፈራኛል።»

«እርስዎ የገሙ…» አለች።

«ገባኝ» አለ ሰዓት ሠሪው ቀስ ብሎ። «ደህና ነው። በዚህ ቤት ፊቱ እውነት የሚናገር አንድ ሰው አለ።»

ዳቦ የሚያመላልሰው ሹፌር ግቢ ውስጥ ነበር። ሳጥኖቹን አውርዶ አገዛት፤ ሽማግሌውን በብርድ ልብስ ጠቅልለው ዱቄት በተበተነበት የመኪናው ወለል ላይ አስተኝተው ሆስፒታል ወሰዱት። ሐኪሟ አይታ ማስኳን ከፍ አደረገች፤ ፊቷም ተጨማደደ፤ አፍንጫ ልታቅፋት ደረሰች። «ከአራት አምስት ቀን በፊት ቢመጣ አጽድተን እንሸኘው ነበር» አለች ሐኪሟ። ከጉልበቱ በታች ቆረጡት።

አራት አምስት ቀን። አፍንጫ ይህን እስከ ዛሬ ማንም ሳይጠይቃት ትናገራለች። ሊቁን ስትረግም አይደለም፤ ማሽኑ ፊት ቆማ ፈገግ ያለችበትን ስታስታውስ ነው ፊቷ የሚጨማደደው።

ከሥራም ተባረረች፤ በትዕቢት። ደብዳቤው እንደሚለው እንግዶች ፊት ራሷን ከፍ አድርጋለች። ሰዓት ሠሪውን የእህቱ ልጅ ቤቷ ወሰደችው፤ አፍንጫ በሳምንት ሦስት ቀን እየሄደች ታጥበዋለች፤ ማስክ አድርጋ።

«እግር ያንሱ» ትለዋለች።

«የቱን?» ይላታል። «ዛሬማ ሥራሽ ግማሽ ነው።»

«አፍዎን ይዝጉ፣ እሱ ነው የሚገማው።»

መሰላሉ ግድግዳው ላይ አለ። ከአራተኛው በላይ አምስተኛ እርከን ተቀጥሎበታል፤ እዚያ ላይ ያለው መቆንጠጫ አንድ ብቻ ነው፤ የማን እንደሆነ መናገር አያስፈልግም። የሊቁ መጽሐፍም በቅርቡ ታትሞ ይወጣል ተብሏል፤ በምግባር ላይ፣ መጸየፍን ስለማሸነፍ። ሽፋኑ ላይ ያ ፎቶ አለ፤ ሊቁ ተንበርክከው፣ ዓይናቸው ተጨፍኖ፣ አንሶላው ከከንፈራቸው ጋር። በግራ ጥግ፣ ማተሚያ ቤቱ ቆርጦ ሊያወጣቸው ያልቻላቸው ሁለት እጆች ይታያሉ፤ በበረኪና የተላጡ፣ የፎቶው ጠርዝ ከእጅ አንጓ ላይ የቆረጣቸው፣ የአንሶላውን ሌላ ጫፍ የያዙ።

እንግዲህ አንባቢ ሆይ፣ መጽሐፉ እጅህ ከገባ አንድ ነገር ብቻ ልለምንህ። ሳትገልጠው፣ ሳታመሰግነው፣ ለሰው ሳታሳየው፣ ያን የግራ ጥግ ወደ አፍንጫህ አስጠጋና አሽትተው። የሚሸትህ ቀለምና ጽጌረዳ ብቻ ከሆነ፣ እባክህ ተነስና ቤትህ ተኝቶ ያለው ሰው ክፍል ገብተህ ካልሲውን…